ካቲ ሳርክ በሥራ ዘመኗ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ለንደን ውስጥ ግሪኒች በተባለው ሰፈር፣ ከቴምስ ወንዝ ዳር፣ ባለ ሦስት ምሰሶ ጥቁር መርከብ በብረት ተደግፋ ከመሬት ከፍ ብላ ቆማለች። ካቲ ሳርክ የምትባለው ይህች መርከብ ብዙ ጊዜ የምትነሣው ከሻይ እሽቅድምድም ጋር ተያይዛ ነው። ሻይ የጫነችው ግን ለስምንት ጉዞ ብቻ ሲሆን፣ ከሃምሳ ዓመት በላይ በዘለቀው የሥራ ዘመኗ እንጀራዋን ያገኘችው በአመዛኙ ከሌላ ጭነት ነው። ከዚህ በታች ያሉት ጥያቄዎችና መልሶች በዚሁ የሥራ ታሪኳ ላይ ያተኩራሉ። ዘመኖቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ካቲ ሳርክን ማን አሠራት? የትስ ተሠራች?

ያሠራት ጆን ዊሊስ የተባለ የለንደን ባለ መርከብ ነው። ነጭ ባርኔጣ ከራሱ ስለማይለይ ባሕረኞች በዚያው ባርኔጣ ይጠሩት ነበር። ሥራውን የሰጠው ስኮትላንድ ውስጥ ደምባርተን በተባለች ከተማ ለነበረው ስኮት ኤንድ ሊንተን ለተባለ አዲስና ትንሽ ድርጅት ሲሆን፣ ንድፉን ያወጣው ከባለቤቶቹ አንዱ የሆነው ሄርኩሊስ ሊንተን ነበር። የተዋዋሉበት ዋጋ በቶን 17 ፓውንድ፣ በጠቅላላው 16,150 ፓውንድ ነው። ዊሊስ በዋጋ ብርቱ ተከራካሪ፣ በጥራት ደግሞ ምንም የማያልፍ ሰው ስለ ነበር፣ ድርጅቱ መርከቧን ሳይጨርስ ገንዘብ አለቀበትና ከሰረ። የቀረውን ሥራ እዚያው ደምባርተን የነበረው የዴኒ ወንድማማቾች ድርጅት አጠናቀቀውና ኖቬምበር 22 ቀን 1869 መርከቧ ውሃ ላይ ዋለች። እንዲያ ያለ ሥራ በዚያ ዋጋ መገኘቱ ለገዢው ሲሳይ ቢሆንም፣ ሠሪዎቹ ድርጅታቸውን አጥተውበታል።

ስሟ ምን ማለት ነው?

በስኮትላንዶች አነጋገር «አጭር የውስጥ ቀሚስ» ማለት ነው። የተወሰደውም ሮበርት በርንስ ከጻፈው ግጥም ነው፤ በግጥሙ ውስጥ አጭር ቀሚስ የለበሰች ናኒ የምትባል ጠንቋይ አንድን ሰካራም ገበሬ ታሳድድና የፈረሱን ጭራ ነቅላ ትቀራለች። በመርከቧ አፍንጫ ላይ የተቀረጸችው ሴት ይህችው ናኒ ስትሆን፣ በተዘረጋ እጇ የያዘችው የፈረስ ጭራ ነው።

ከምን ተሠራች? የብረት መርከብ ነች ወይስ የእንጨት?

ሁለቱንም ነች። አጽሟ፣ ማለትም የጎድን አጥንቶቿና ማገሮቿ፣ ብረት ሲሆን፣ በላዩ የተለበጠው ሳንቃ ግን እንጨት ነው፤ ከውሃው በላይ ያለው ቲክ፣ ከታች ያለው በአብዛኛው ኤልም የተባለ ጠንካራ እንጨት ነው። እንዲህ የተደረገበት ምክንያት ቁጥብ የነጋዴ ስሌት ነው። መርከብ ሞቃት ባሕር ላይ ሲከርም አረምና ዛጎል ለበስ ነፍሳት ከታች ይጣበቁበትና ፍጥነቱን ይበሉታል። መድኃኒቱ ከውሃ በታች ያለውን ገላ በመዳብና በዚንክ ቅይጥ ቆርቆሮ ማልበስ ነበር። ይህ ቅይጥ ግን በባሕር ውሃ ውስጥ ከብረት ጋር ከተነካካ ብረቱን ያስበላዋል፤ ስለዚህ በሁለቱ መካከል እንጨት መግባት ነበረበት። ሙሉ በሙሉ ከእንጨት የተሠራ መርከብ ደግሞ ወፋፍራም የእንጨት ማገሮች ስለሚያስፈልጉት የጭነቱን ቦታ ያጣብባል። ቀጭን የብረት አጽም የእንጨት ቆዳ ሲለብስ፣ ሁለቱም ችግሮች ይቃለላሉ።

የመርከቧ ገላ 65 ሜትር ያህል ርዝመትና 11 ሜትር ያህል ወርድ አለው። ዋናው ምሰሶ ከ46 ሜትር በላይ ከፍታ ሲኖረው፣ ሸራዎቹ በሙሉ ሲዘረጉ ወደ 3,000 ካሬ ሜትር ይሸፍናሉ። ምሰሶዎቹን የሚይዙትና ሸራዎቹን የሚያዝዙት ገመዶች ተቀጣጥለው ቢለኩ 18 ኪሎ ሜትር ገደማ ይደርሳሉ። ከፍተኛ ፍጥነቷ በሰዓት 17.5 የባሕር ማይል፣ ማለትም ከ32 ኪሎ ሜትር በላይ ነበር፤ በአንድ ቀንና ሌሊት ውስጥ 363 የባሕር ማይል የሄደችበት ጊዜም አለ።

ሻይ ለማምጣት ያን ያህል መቻኮል ለምን አስፈለገ?

የአዲሱ ዓመት የቻይና ሻይ መጀመሪያ ለንደን ሲገባ ጥሩ ዋጋ ያወጣ ስለ ነበር ነው። ነጋዴው ቀድሞ ለሚያደርስለት መርከብ የተሻለ ኪራይ ይከፍላል፤ ባለ መርከቡም ፈጣን የሚል ስም ካተረፈ በሚቀጥለው ዓመት ጭነት ፍለጋ ደጅ አይጠናም። በዚህ የተነሣ በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ክሊፐር የሚባሉ፣ አፍንጫቸው የሰላ፣ ገላቸው የቀጠነ፣ ሸራቸው የበዛ መርከቦች ተፈጠሩ። ከሁሉ ይልቅ የሚወራለት የ1866ቱ ውድድር ሲሆን፣ ኤሪየል፣ ታይፒንግና ሴሪካ የተባሉት ሦስት መርከቦች ከቻይና ተነሥተው የዓለምን እኩሌታ ያህል ከዞሩ በኋላ በዚያው በአንዱ የባሕር ሙላት ጊዜ ለንደን ደርሰዋል።

ካቲ ሳርክ የተሠራችው ይህንን ገበያ ተመኝታ ነው። በፌብሩዋሪ 1870 ወይን፣ የአልኮል መጠጥና የፋብሪካ ዕቃ ጭና ከለንደን ወደ ሻንጋይ ተነሣች፤ በኦክቶበርም 1,305,812 ፓውንድ፣ ማለትም 592,000 ኪሎ ግራም ያህል ሻይ ይዛ ተመለሰች።

ሻዩ እንዴት ይጫን ነበር?

ይህ ሥራ ከሚገመተው በላይ ጥበብ ይጠይቅ ነበር። ሻይ ቀላል ጭነት ስለሆነ፣ ብቻውን ከተጫነ መርከቧ እነዚያን ረጃጅም ምሰሶዎች ይዛ ሚዛኗን መጠበቅ አትችልም። ስለዚህ አስቀድሞ ከባድ ብረትና የታጠበ የወንዝ ጠጠር ከታች ይነጠፋል፤ ጠጠሩም የመርከቧን ወለል ጥምዝ ተከትሎ ይስተካከላል። ከዚያ ቻይናውያን ጫኞች በቆርቆሮ የተለበጡትን የሻይ ሳጥኖች አንድ በአንድ ይደረድራሉ፤ እርጥበት ካገኘው ብዙ እንዳይጎዳ ዋጋው ዝቅ ያለውን ሻይ ከታች አድርገው፣ የተሻለውን ከላይ ያደርጋሉ። የመጨረሻው ሳጥን በእጅ ስለማይገባ በእንጨት መዶሻ እየተመታ ይሰነቀራል። በሳጥኖቹ መካከል ክፍተት ከቀረ፣ መርከቧ በማዕበል ስትንገላታ ጭነቱ መንቀሳቀስ ይጀምራል፤ መንቀሳቀስ የጀመረ ጭነት ደግሞ መርከብን ወደ አንድ ጎን ሊያጋድል ይችላል። ከዚህም ሌላ ለአንድ ኢንች ቦታ እንኳ ኪራይ ይከፈልበታል።

ሻይ የሌላውን ሽታ ቶሎ የሚወስድ ዕቃ በመሆኑ፣ የጭነት ክፍሉ ንጹሕና ደረቅ መሆኑ ጭነቱን ለሚሰጠው ነጋዴ ከፍጥነቱ ያላነሰ ጉዳይ ነበር።

የሻይ ውድድር አሸንፋ ታውቃለች?

አንደኛ ወጥታ አታውቅም። ይህን የሚሰሙ ብዙዎች ይገረማሉ፤ ዝናዋ የቆመው ግን በአንድ ሽንፈት ላይ ነው።

በጁን 1872 ካቲ ሳርክ ዋና ተፎካካሪዋ ከነበረችው ተርሞፕሌ ጋር በተመሳሳይ ጊዜ ሻይ ጭነው ከሻንጋይ ተነሡ። የኢንዶኔዥያ ደሴቶችን አልፈው የሕንድ ውቅያኖስን ሲያጋምሱ ካቲ ሳርክ ወደ 400 የባሕር ማይል ቀድማ ነበር። ኦገስት 15 ቀን ግን ብርቱ ማዕበል የመርከቧን መሪ ገንጥሎ ወሰደው። መሪ የሌላት መርከብ ልጓሟ እንደ ተበጠሰ በቅሎ ነች፤ ሸራዋ ሁሉ እያለ ወዴት እንደምትሄድ አታዝዛትም። የባለቤቱ ወንድም ሮበርት ዊሊስ በመርከቧ ላይ ነበርና ወደ ኬፕ ታውን ገብተን እናሠራው ሲል፣ ካፒቴኑ ጆርጅ ሙዲ እምቢ አለ። ሁለቱ በመርከበኞቹ ፊት ተጨቃጨቁ፤ የበላይነቱ ግን ባሕር ላይ የካፒቴኑ ነበር።

አናጢው ሄንሪ ሄንደርሰን ከመጠባበቂያ የምሰሶ ግንዶች አዲስ መሪ ይጠርብ ጀመር። የሚያያይዙትን ብረቶች ለመቀጥቀጥ በመርከቧ ወለል ላይ የአንጥረኛ ምድጃ ተተከለ፤ ከሻንጋይ ተደብቀው ከተሳፈሩት ሰዎች አንዱ አንጥረኛ ሆኖ መገኘቱም እንደ ተአምር የሚቆጠር ነው። ወናፉን የሚነፋው የካፒቴኑ ልጅ ነበር። መርከቧ በማዕበሉ ወዲያና ወዲህ ትናጣለች፣ ውሃው ወለሉን እየጠረገ ያልፋል፣ እሳቱ ይጠፋል፣ እንደገና ይለኮሳል። አንድ ጊዜ ምድጃው ተገለበጠና ፍሙ በልጁ ላይ ፈሶ አቃጠለው። ሥራው ስድስት ቀን ያህል ፈጀ። ከዚያ ያን ሁሉ ክብደት ያለውን መሪ በሚናወጥ ባሕር ላይ ከኋላ አውርዶ በቦታው ማስገባት ነበረባቸው። በሴፕቴምበር ማያያዣዎቹ እንደገና ተሰባበሩና መሪው ወጥቶ ለሁለተኛ ጊዜ ተጠገነ።

ካቲ ሳርክ በ122 ቀን ለንደን ስትደርስ፣ ተርሞፕሌ ከገባች አንድ ሳምንት ያህል ሆኗት ነበር። የመርከብ ሙያተኞች ግን ባሕር ላይ በተሠራ መሪ ያን ያህል መንገድ በአንድ ሳምንት ልዩነት ብቻ መምጣቷን እንደ ድል ቆጠሩላት። ካፒቴን ሙዲ ከባለቤቱ ወንድም ጋር የነበረውን ጭቅጭቅ ሊረሳው ስላልቻለ ሥራውን ለቀቀ።

የስዌዝ ቦይ ክፍት ከነበረ ለምን በዚያ በኩል አልመጣችም?

ቦዩ የተመረቀው ኖቬምበር 17 ቀን 1869 ነው፤ ካቲ ሳርክ ውሃ የነካችው ከዚያ በአምስተኛው ቀን ነው። ቦዩ ወደ ቻይና የሚወስደውን መንገድ በሺዎች በሚቆጠር የባሕር ማይል አሳጠረው፤ ያሳጠረው ግን ለእንፋሎት መርከብ ነበር። አራት ማዕዘን ሸራዎቿን በአግድም ግንዶች ላይ የምትዘረጋ መርከብ በጠባቡ ቦይ ውስጥ በራሷ መሄድ ስለማትችል በጎታች መርከብ መሳብ ነበረባት፤ ለዚያም ለቦዩም ከፍላ ካለፈች በኋላ ቀይ ባሕር ይጠብቃታል። በሰሜኑ የቀይ ባሕር ክፍል ነፋሱ ዓመቱን ሙሉ ከሰሜን ምዕራብ የሚነፍስ ሲሆን፣ ሻይ ይዛ ወደ ስዌዝ ለምትወጣ መርከብ ይህ ፊት ለፊት የሚመጣ ነፋስ ነው። በግራና በቀኝ ኮራል በተደቀነበት ባሕር ላይ ነፋስን እየሰበሩ ሽቅብ መውጣት ሳምንታት ይፈጃል። ስለዚህ ትልልቆቹ የሸራ መርከቦች አፍሪካን በደቡብ ጫፏ መዞራቸውን ቀጠሉ።

ቀይ ባሕር ላይ ሸራ አልነበረም ማለት ግን አይደለም። ባለ ሦስት ማዕዘን ሸራ የሆኑት የምጽዋ፣ የዳህላክና የየመን ሳንቡኮች ወቅቱን እየጠበቁ በዚያው ባሕር ይነግዱ ነበር፤ በ1867 እና በ1868 ጄኔራል ናፒየር አጼ ቴዎድሮስን ሊወጋ ሲመጣ፣ ዙላ ወደብ ላይ ሠራዊትና ስንቅ ያራገፉት መርከቦችም ከፊሎቹ በእንፋሎት፣ ከፊሎቹ በሸራ የሚሄዱ ነበሩ። ቦዩ ከተከፈተ በኋላ ግን በዚህ ባሕር ዳር ተፈላጊው ነገር የእንፋሎት መርከብ የሚቆምበትና የድንጋይ ከሰል የሚሞላበት ቦታ ሆነ። ጁዜፔ ሳፔቶ ለሩባቲኖ የመርከብ ኩባንያ አሰብን የገዛውም በዚያው በኖቬምበር 1869 ነው። ካቲ ሳርክን ከሻይ ገበያ ያስወጣትና እኛን ከጣልያን ጋር ያጎራበተን አንድ ዓይነት የንግድ ስሌት መሆኑን ልብ ይሏል።

ፍትሕን ለመጠበቅ ያህል፣ ጥፋቱ የቦዩ ብቻ አልነበረም። የሊቨርፑሉ አልፍሬድ ሆልት ከ1866 ጀምሮ ከሰል የሚቆጥብ አዲስ ዓይነት ሞተር የተገጠመላቸው መርከቦች ወደ ቻይና ያሰማራ ስለ ነበር፣ ቦዩ ከመከፈቱ በፊትም የሸራ መርከቦች ዕድሜ መቆጠር ጀምሮ ነበር።

ሻይ ከቀረባት በኋላ ምን ትጭን ነበር?

ያገኘችውን ሁሉ። ለመጨረሻ ጊዜ ከቻይና ሻይ ይዛ የመጣችው በ1877 ነው። በቀጣዩ ጉዞዋ ካፒቴን ቲፕታፍት ሻንጋይ ላይ ጭነት ቢለምንም የሚሰጠው አላገኘም፤ በ1878 እዚያው እንዳለ ሞተ። ከዚያ በኋላ ለጥቂት ዓመታት ካቲ ሳርክ ከወደብ ወደብ እየተንከራተተች የድንጋይ ከሰል፣ ጁት የተባለ የጆንያ ቃጫ፣ የጉሎ ዘይት የመሳሰለውን ስታጓጉዝ ቆየች። ከሰል የጫነችው የእንፋሎት መርከቦች እንዲነዱበት መሆኑ የኑሮ ቀልድ ነው።

በ1880 በመርከቧ ላይ የሆነው ምንድን ነው?

ከዌልስ ወደ ዮኮሃማ ለአሜሪካ ባሕር ኃይል ከሰል ይዛ ስትጓዝ፣ ሲድኒ ስሚዝ የተባለ ጨካኝ ምክትል አዛዥ ጆን ፍራንሲስ ከተባለ ጥቁር መርከበኛ ጋር ተጣልቶ በእንጨት ዘንግ ራሱን መትቶ ገደለው። ካፒቴኑ ጄምስ ዋላስ በመርከበኞቹ ዘንድ የተወደደ ሰው ነበር፤ ነገር ግን ጃቫ ደሴት አንጀር ላይ መርከቧ ስትቆም ገዳዩን በሌላ መርከብ እንዲያመልጥ ረዳው። መርከበኞቹ ይህን ሲያውቁ ሥራ አንሠራም አሉ። ዋላስ ከአናጢው፣ ከምግብ አብሳዩና ከተለማማጅ ልጆቹ ጋር ሆኖ ጉዞውን ቀጠለ፤ ጃቫ ባሕር ላይ ግን ነፋሱ ጸጥ አለ። ሸራው ተሰቅሎ፣ ባሕሩ እንደ መስተዋት ረግቶ፣ አመፀኞቹ ከፊት፣ ካፒቴኑ ከኋላ ሆነው ለሦስት ቀን ተፋጠጡ። ነፍሰ ገዳይ ማስመለጡ እንደሚያስጠይቀው የተረዳው ዋላስ፣ ሊነጋ ሲል ወደ ባሕሩ ዘሎ ጠፋ። ስሚዝ በኋላ ለንደን ላይ ተይዞ በ1882 ሰባት ዓመት ተፈረደበት።

ተከታዩ ካፒቴን ብሩስም የባሰ ነበር። በ1882 መርከቧ ኒውዮርክ ስትገባ መርከበኞቹ በስንቅ እጥረት ተጎሳቁለው ስለ ነበር፣ ከሥራው ታገደ።

ጥሩ ዘመኗ የቱ ነው ይባላል?

በእኔ ግምት ያለ ጥርጥር ከ1883 እስከ 1895 ያለው የሱፍ ዘመን ነው። የአውስትራሊያ በጎች የሚሸለቱት በዓመቱ መጨረሻ አካባቢ ሲሆን፣ ሱፉ ለንደን ላይ በጨረታ የሚሸጠው በአዲሱ ዓመት መጀመሪያ ወራት ነው። ጨረታው ያመለጠው ባለ ሱፍ እስከሚቀጥለው ዙር ገንዘቡን አሥሮ ይቀመጣል፤ ስለዚህ እንደ ሻይ ጊዜው ሁሉ ፍጥነት ተመልሶ ዋጋ አወጣ። መንገዱም ለሸራ የተፈጠረ የሚመስል ነበር። በዓለም ደቡባዊ ክፍል፣ ከ40ኛው ዲግሪ ወዲያ፣ የብስ የማያግደው ብርቱ ነፋስ ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ዓመቱን ሙሉ ይነፍሳል። መርከቦቹ ሲሄዱ አፍሪካን ዞረው፣ ሲመለሱ የደቡብ አሜሪካን ጫፍ ኬፕ ሆርንን ዞረው ስለሚመጡ፣ በሁለቱም ጉዞ ያ ነፋስ ከኋላቸው ነው። በዚያ ባሕር ላይ ከሰል የሚሞላበት ወደብ የለም፤ የእንፋሎት መርከብ ደግሞ የሚነድደውን ከሰል በጭነቱ ቦታ ይዞ ይዞራል።

በዲሴምበር 1883 ካቲ ሳርክ 4,289 የሱፍ ጥቅል ይዛ ከአውስትራሊያዋ ኒውካስል ተነሥታ በ83 ቀን ለንደን ገባች። ሱፉ በመርከቧ ሆድ ውስጥ የሚጫነው በብሎን እየጠበቀ በሚገፋ መሣሪያ ተጨምቆ ነው፤ በእጅ ብቻ የማይገባ ብዙ ጥቅል በዚህ ዘዴ ይጠቀጠቃል። በ1885 አዛዥ የሆነው ሪቻርድ ውድጌት በዚያው ዓመት ከሲድኒ እንግሊዝ በ73 ቀን በመድረስ ስሟን ከፍ አደረገው። ውድጌት ነፋሱ እየበረታ እንደሚሄድ ስለሚያውቅ ሌሎች ከሚደፍሩት በላይ ወደ ደቡብ ይወርድ ነበር፤ እዚያ ግን የበረዶ ተራሮች አሉ። ውሻ አርቢ፣ ፎቶግራፍ አንሺ፣ ባዶ በሆነው የጭነት ወለል ላይ ብስክሌት የሚነዳ ሰው ነበር። በተንሳፋፊ በረዶ መካከል ያነሣቸው የመርከቧ ፎቶግራፎች ዛሬም አሉ።

የእንፋሎት መርከብ ቀድማለች የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። በጁላይ 25 ቀን 1889 ሌሊት፣ ፒ ኤንድ ኦ የተባለው ኩባንያ ንብረት የሆነችው ብሪታኒያ የምትባል አዲስ የመንገደኞች መርከብ ከአውስትራሊያ ዳርቻ ወደ ሲድኒ ስታመራ፣ የሸራ መርከብ መብራት ከኋላዋ እየቀረበ መጥቶ አልፏት ሄደ። ብሪታኒያ በሰዓት ወደ 15 የባሕር ማይል እየሄደች ስለ ነበር፣ ተረኛው መኮንን ያየውን ለማመን ተቸግሮ ነበር። ሲድኒ ሲደርሱ ካቲ ሳርክ ቀድማ ገብታ አገኟት። ነፋስ ሲኖር እንዲህ ነው፤ ነፋስ ሲጠፋ ግን ብሪታኒያ መንገዷን ስትቀጥል፣ ካቲ ሳርክ ባለችበት ትቀራለች። ነጋዴው የሚፈልገው መቼ እንደሚደርስ የሚነገረውን መርከብ ነበር።

የመርከበኞቹ የዕለት ሥራ ምን ይመስል ነበር?

ይህን ሁሉ ሸራ የሚያዝዙት ሠላሳ የማይሞሉ ሰዎች ነበሩ፤ በአማካይ 26 ያህል። በሁለት ጓድ ተከፍለው አራት ሰዓት ሠርተው አራት ሰዓት ያርፋሉ። አንዱ ጓድ ሁልጊዜ እኩለ ሌሊቱን እንዳይሸከም፣ በእኛ ሰዓት አቆጣጠር ከቀኑ 10 እስከ ምሽቱ 2 ያለው ጊዜ ለሁለት አጫጭር ተራዎች ይከፈላል። «ሁሉም ይውጣ» የሚል ጥሪ ሲመጣ ግን ዕረፍት የሚባል ነገር የለም።

ከሁሉ ከባዱ ሥራ በማዕበል ሸራ ማጠፍ ነው። መርከበኛው በገመድ መሰላል ሽቅብ ወጥቶ፣ ከአግዳሚው ግንድ ሥር በተዘረጋች አንዲት ገመድ ላይ ባዶ እግሩን ወይም ቦቱን አሳርፎ፣ ሆዱን በግንዱ ላይ ደፍቶ፣ በነፋስ ተነፍቶ እንደ እንጨት የደረቀውን ሸራ በጣቱ እየቆነጠጠ ወደ ራሱ ይሰበስባል። ኬፕ ሆርን ላይ ደግሞ ሸራው በረዶ ይጋገርበታል። በተረፈው ጊዜ ወለል በአሸዋ ድንጋይ ይታሻል፣ ብረት ይቀባል፣ ገመድ ይጠገናል፣ ውሃ ይቀዳል። መልሕቅ ሲነሣና ከባድ ገመድ ሲሳብ አንዱ ያወጣል፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ፤ እንደ ደቦ ዘፈን ያለ ሲሆን፣ ሁሉም እኩል የሚስበው በቅብሉ ምት ላይ ነው።

ምግቡ በጨው የተቀመጠ ሥጋ፣ ጥርስ የሚሰብር ደረቅ ብስኩት፣ አተርና ሻይ ነበር። በድድ መድማት የሚጀምረውን የባሕረኞች በሽታ ለመከላከል የሎሚ ጭማቂ በመጠን ይታደላል።

ከ1895 በኋላ ምን ሆነች?

ዊሊስ በ1895 ለአንድ የፖርቹጋል ድርጅት ሸጣት። ስሟ ፌሬራ ተባለ፤ መርከበኞቿ ግን የቀድሞ ስሟን ወደ ቋንቋቸው መልሰው «ትንሿ ቀሚስ» ይሏት ነበር። በፖርቹጋል፣ በብራዚል፣ በአሜሪካና በአፍሪካ ቅኝ ግዛቶች መካከል ሃያ ሰባት ዓመት ሠራች። የፖርቹጋል ዘመኗ በብዙ ጽሑፎች በአንድ መስመር የሚታለፍ ቢሆንም፣ በአንድ ሥራ ላይ ይህን ያህል የቆየችበት ሌላ ጊዜ የላትም። በ1916 በደቡብ አፍሪካ አቅራቢያ ምሰሶዎቿ ተሰባበሩ፤ የጦርነት ጊዜ ስለሆነ የምሰሶ እንጨት እንደ ልብ ባለመገኘቱ፣ ኬፕ ታውን ላይ ሸራዋ ተቀንሶ አነስተኛ የሰው ኃይል በሚበቃው ዓይነት ተሠራላት።

እንዴት ከመሰባበር ተረፈች?

ወጣት ተለማማጅ ሳለ በ1894 ባሕር ላይ ስታልፈው አይቷት የማይረሳት ዊልፍሬድ ዳውማን የተባለ ካፒቴን በ1922 ፋልመዝ ወደብ ላይ መልሶ አገኛት። በ3,750 ፓውንድ ገዝቶ ወደ ቀድሞ መልኳ አስመለሳትና የወጣት መርከበኞች ማሠልጠኛ አደረጋት። እሱ በ1936 ሲሞት፣ ባለቤቱ ቴምስ ወንዝ ላይ ለነበረ የባሕር ትምህርት ቤት ሰጠቻት፤ በ1938 በጎታች መርከብ ተስባ ወደዚያ የተወሰደችበት መንገድ የመጨረሻ የባሕር ጉዞዋ ነው። በ1954 ግሪኒች ወደ ተሠራላት ደረቅ ስፍራ ገባች፤ በ1957ም ንግሥት ኤልሳቤጥ ለሕዝብ ከፈተቻት። ተፎካካሪዋ ተርሞፕሌ ይህን ዕድል አላገኘችም፤ በ1907 የፖርቹጋል ባሕር ኃይል በወታደራዊ ክብር አጅቦ ካሽካይሽ አቅራቢያ አሰጠማት።

የ2007ቱ ቃጠሎ ከደረሰ በኋላ ያለችው የጥንቷ መርከብ ነች?

በአመዛኙ አዎን። በሜይ 21 ቀን 2007 እሳት ሲነሣ መርከቧ በጥገና ላይ ስለ ነበረች፣ ምሰሶዎቿና ከሳንቃዎቿ ግማሽ ያህሉ አስቀድመው ተነቅለው በሌላ ቦታ ተቀምጠው ነበር። የእሳቱ መነሻ ሳይጠፋ በቀረ የኢንዱስትሪ አቧራ መጥረጊያ ማሽን እንደሆነ ይታመናል። መርከቧ በኤፕሪል 2012 እንደገና ስትከፈት ከመሬት ሦስት ሜትር ያህል ከፍ ተደርጋ ስለ ተሰቀለች፣ ጎብኚው ዛሬ ከሥሯ ቆሞ ያንን የቅይጥ ቆርቆሮ ልባስ ቀና ብሎ ማየት ይችላል። ቆርቆሮው አዲስ ነው፤ ከሥሩ ያለው ሳንቃና የብረት አጽም ግን በአብዛኛው በ1869 ደምባርተን ላይ የተገጠመው ነው።